ለዘጠኝ ቀፎ ያልበቃ አበባ

መስከረም 19 ቀን 1958 ዓ.ም.

ደብተሩን የሰጠኝ ጠሃ ነው፤ የቡሬው ማር ነጋዴ። አምና ማሬን "ጭስ ጭስ ይላል" ብሎ ሰው ፊት ስለነቀፈብኝ ዓመት ሙሉ ፊት ነሥቼው ነበር። ማባበያ መሆኑ ነው። "እማማ አስካለ፣ ፊደል ቆጠሩ ሲሉ ሰማሁ። እንግዲህ ስድብዎን እዚህ ይጻፉልኝ፤ ስመጣ አንብቤ እሰደባለሁ" አለኝ። አልሳቅሁም። ከሄደ በኋላ ግን ሳቅሁ።

ፊደል ያስቆጠረችኝ ምራቴ ተናኜ ናት። ልጄ እጅጉ በንዳድ ከሞተ ወዲህ በዚህ ቤት ያለነው እኔና እሷ ነን። እሷ ከዲያቆን ወንድሟ ተምራ ነበር። ሁለት ክረምት ሙሉ በከሰል ግድግዳ ላይ እየጻፈች እንደ ሕፃን አስጮኸችኝ። ስድሳ ሊሞላት የደረሰች ሴት ፊደል ምን ያደርግላታል ብሎ ያልሳቀ ጎረቤት የለም። ይሳቁ። ከሚስቁት ውስጥ አንድም የሚያነብ የለም።

ዛሬ ከላህ ወንዝ ማዶ መንጋ መጥቶ ዋንዛው ላይ ዐረፈ። የማን ቤት ንብ እንደሆነ እንጃ። ባዶ ቀፎ በወይራ አጥኜ ተቀበልሁት። ተናኜ መሰላሉን እንደያዘችልኝ፣ "እሜቴ፣ ግድግዳው እኮ ሞላ" አለች።

"ማርያም የሰደደችውን ልመልስ?"

"አይመልሱ። ምን ይበላል ነው ያልሁት።"

የመጣ መንጋ አይመለስም፤ በረከት ነው። እናቴ አልመለሰችም፤ እኔም አልመልስም። ንብ የሚጠላው ጥል ያለበትን ቤት ብቻ ነው። እኛ ቤት ደግሞ ጥል የለም።

መስከረም 28

በችኮላ። በሩ አጠገብ ያለው ትልቁ ቀፎ መንጋ አወጣ። እንዲያርፍ አፈር በተንንበት፣ ውሃ ረጨን፣ ተናኜ የድስት ክዳን ቀጠቀጠች። ሩቅ ሳይሄድ ጌሾው ላይ ዐረፈ። ያዝሁት።

ማታ። እጄ አብጧል፤ ቢሆንም አንድ ነገር ልጻፍ። መንጋውን ወደ አዲሱ ቀፎ ሳስገባ አውራዋን አየኋት። ሰው "አውራው" ይላል። አባቴ ግን "እናት ናት፤ እንቁላል ስትጥል በዓይኔ አይቻለሁ" ይል ነበር። ይችን አውቃታለሁ። አምና ማር ስቆርጥ ቢላዋዬ የክንፏን ጫፍ ቀዶታል። ያው የተቀደደ ክንፍ ነው። እንግዲህ የወጣችው አሮጊቷ ናት። ቤቱን ከነማሩ ለልጇ ትታ በዚያ ክንፏ ወጣች። እንዲህ ያለች ሞኝ አይቼ አላውቅም።

አዲሱን ቀፎ እንዳይራራቁ ብዬ ከናቱ ቀፎ ጎን ሰቀልሁት። አሁን ዘጠኝ ሆኑ።

ጥቅምት 6

የነፍስ አባቴ ቄስ ወልደ ዮሐንስ ሁለት ሽማግሌ አስከትለው መጡ። ገና ሲቀመጡ ገብቶኛል። ለተራ ወሬ የመጣ ሰው ጋቢውን እንደዚያ አያጣፋም።

"አስካለ ማርያም፣ ጎጆሽ ምሰሶ ጎድሎታል ብለን ነው" አሉ ቄሱ።

"ጎጆዬ አልዘመመም፣ አባቴ።"

"አልዘመመም። ምሰሶ የሚቆመውም ሳይዘም ነው።"

የላካቸው ተስፋው ነው፤ ከአዴት በኩል መጥቶ እዚህ ሰፈር በእኩል የሚያርሰው። መሬት የለው፣ በሬው የሰው። የሚጠይቀው ተናኜን ነው። ሐዘኗን አልጨረሰችም አልኋቸው። እጅጉ ካረፈ ሁለት ዓመት አልፎታል። ተዝካሩንም የበሉት እነሱው ናቸው፤ ግን ጋቢያቸውን ሰብስበው ተነሡ።

ከጓዳ የወፍጮ ድምፅ ይሰማ ነበር። ስሟን ሲጠሩ ወፍጮው ቆመ። እኔ መልስ ከሰጠሁ በኋላ ትንሽ ቆይቶ እንደገና ጀመረ። የዛሬው ዱቄት ሸካራ ነው።

ደህና አድርጌያለሁ። ያ ሰው ይዟት ወደ አዴት ቢሄድስ?

ጥቅምት 11

ከቤተ ክርስቲያን ስመለስ ጉብታው ላይ ቆሜ ቁልቁል አየሁ። በዚህ ወር እዚያ የቆመ ሰው የሚያየው ቢጫ ብቻ ነበር፤ ከዚህ እስከ ላህ ኑግ። ዘንድሮ በርበሬ ነው። ቡሬ ላይ በርበሬ ተፈላጊ ሆነ ተብሎ ሁሉም ኑጉን ትቶ በርበሬ ተከለ። አደይ የሚያበቅለውን ተረተርም፣ ብሳናውንና ግራሩን መንጥረው አረሱት። እኛ ድሮ ውጅግራ የምንላት ፍኖተ ሰላም ደግሞ ጠጅ ቤት በዛባትና ማርም ተፈላጊ ሆነ። ስለዚህ ያው ሰው ኑጉን ባጠፋ እጁ ቀፎ ሰቀለ። ሣሩን አርሶ ላም እንደሚገዛ ሰው ማለት ነው። ይህ ሁሉ ሽማግሌ ባለበት አገር ይህን የሚናገር ጠፋ።

እኔ በርበሬ አልተከልሁም። ቀፎ ቢበዛብኝም ንቦቹ በራሳቸው ነው የመጡት። የእኔ ሌላ ነው።

ደጀ ሰላሙ ላይ ሁለት ሴቶች፣ "አስካለ ማርያም ምራቷንም እንደ ንብ አፈር በትና ነው የያዘቻት" ሲባባሉ ሰማሁ። መስቀል በተሳለመ አፍ። እንዴት ዋላችሁ ብዬ አለፍኋቸው።

ጥቅምት 20

ንቦቹ ባዶ እግራቸውን ይመለሳሉ። ድሮ በዚህ ጊዜ እግራቸው ላይ ቢጫ እንደ ጤፍ ሊጥ ተለጥፎ ነበር የሚገቡት። አንዱን ቀፎ ከሥሩ ደገፍ አድርጌ መዘንሁት። ቀለለኝ። ሌላውንም። እሱም ቀለለኝ።

ጥቅምት 23

ልቤ አልቻለም። ካምና የተረፈውን ማር በውሃ በጥብጬ፣ በሶ ነስንሼበት፣ በሰፊ ገበታ ግቢው መካከል አስቀመጥሁላቸው።

ተናኜ፣ "እሜቴ፣ ደጅ አያስቀምጡት፤ የሰፈሩ ንብ ይሰማል" አለች።

"ይስማ። ለተራበ ምግብ ተከልክሎ ያውቃል?"

ሲበሉ ቁጭ ብዬ አየኋቸው። ምላሳቸውን ዘርግተው፣ ተጋፍተው፣ እንደ ሠርገኛ። ለመጀመሪያ ጊዜ በዚህ ወር ደስ አለኝ።

ጥቅምት 25

ገበታው ባዶ ሲሆን አልሄዱም። የሰፈሩ ንብ ሁሉ ግድግዳዬ ላይ ነው። የቀመሱትን ፍለጋ ቀፎ ቀፎውን ይሰብራሉ። በየቀፎው አፍ ላይ ሁለት ሁለት እየተናነቁ ይወድቃሉ። በጭስ ለየኋቸው፤ ተመለሱ። እርጥብ ጨርቅ ጋረድሁ። ዓይኔን ነደፉኝ።

ደግሞ የባሰው የሰፈሩ ንብ አይደለም። የአሮጊቷ ቀፎና የልጇ ቀፎ ናቸው። ጎን ለጎን የሰቀልኋቸው። ከአንድ ቤት ወጥተው፣ አንድ ደም ሆነው፣ ከሁሉ የበለጠ የሚገዳደሉት እነሱ ናቸው።

ኅዳር 3

ጠዋት ጠዋት የሞቱትን እጠርጋለሁ። በመጥረጊያው ሥር ሲንከባለሉ እንደ ደረቅ ባቄላ ይንሿሿሉ።

ምክንያቱን አግኝቼዋለሁ። ከሽማግሌዎቹ ወዲህ እኔና ተናኜ አኩርፈናል። ንብ ጥል ይሸተዋል። ስለዚህ ቁርጥ አድርጌ ነገርኋት፤ ከዛሬ ጀምሮ ግድግዳው አጠገብ ክፉ ቃል የለም፤ የግድ ከሆነም በሹክሹክታ።

ከሰዓት በኋላ ተስፋው አጥራችንን ሲያጥር አገኘሁት። ማን ላከው? ሲሄድ ጠበቅሁና ተናኜ ጆሮ ሥር ሄድሁ።

"ማን ጠርቶት ነው?" አልሁ በሹክሹክታ።

"ማንም። ጅብ አህያዋን እንዳይበላ ብሎ ነው" አለች በሹክሹክታ።

"ጅቡ ራሱ ከሆነስ አጥረኛው?"

"ጅብ አጥር ያፈርሳል እንጂ መቼ ያጥራል፣ እሜቴ?"

"ብልጥ ጅብ ነዋ፤ ከአዴት የመጣ።" ይችን ሳላስበው ጮክ ብዬ ተናገርሁ።

ጣቷን ከንፈሯ ላይ አድርጋ በዓይኗ ቀፎዎቹን አሳየችኝ። "ይሰሙዎታል" አለች። ከዚያ ሳቅ ያዘን። ሹክሹክታው ይሁን ሌላ፣ ግድግዳውን ይዘን እንባችን እስኪመጣ ሳቅን። እጅጉ ካረፈ ወዲህ ስትስቅ ሰምቻት አላውቅም። ሳቋ እንደዚያ ወፍራም መሆኑን ረስቼው ነበር።

ኅዳር 4

ዛሬም ተገዳደሉ። ትናንት ያን ያህል ስቀን።

ኅዳር 12

ሚካኤል። ጠሃ ማር ሊገዛ መጣ፤ የሚገዛውም የለ።

"ስድቡን ጻፉልኝ?"

"አንተን የሚያህል ቃል አላገኘሁም።"

ጆሮውን ቀፎዎቹ ላይ እያስጠጋ ግድግዳውን ዞረው። ሁለቱ ጭራሽ ድምፅ የላቸውም፤ ተዘርፈው አልቀዋል። ጥል ነው ያጠፋቸው አልሁት፤ ንብ ጥል አይወድም። የማን ጥል እንደሆነ አልነገርሁትም። እሱ ደግሞ አያፍርም።

"እማማ አስካለ፣ ከቡሬ እስከዚህ የገባሁበት ቤት ሁሉ ቀፎው እንዲህ ነው። አንዱ ዓይን በላኝ ይላል፣ አንዱ መተት ነው ይላል፣ እርስዎ ጥል ነው ይላሉ። አገሩ ሁሉ በአንድ ሌሊት ተጣላ?"

"እና ምንድነው?"

"አበባው አነሰ፣ አፉ በዛ። እኔስ በርበሬውን ከሰው ላይ የምገዛ ነኝ፤ ምን አፍ አለኝ። ግን የተራበ ሰው ሩቅ ካለው ጋር አይጣላም። ከአንድ ገበታ ከሚቆርሰው ጋር ነው።"

ከዚያ ስለ ቋሪት አወራኝ። በቀደም በገበዝ ማርያም በኩል አልፎ ነበር። እዚያ ደጋው ላይ ግብጦው ገና አሁን ነው የሚያብበው፣ እርሻ ሙሉ፣ የሚቀስመው ንብ ግን ጥቂት ነው አለ። እህቴ እህተ ማርያም እዚያ ናት። ባሏ ከሞተ ወዲህ "መጥተሽ አብረን እንጧጧር" እያለች ሰው በመጣ ቁጥር ትልክብኛለች። እኔ ቤት አለኝ ብዬ እመልሳለሁ። ጠሃ በወሩ መጨረሻ በቅሎዎቹን ይዞ ተመልሶ ይወጣል። "ከፈለጉ ቀፎ እጭናለሁ" አለ።

ለምን እፈልጋለሁ?

ኅዳር 15

ቋሪት ድረስ ምን ያስኬደኛል። የአሮጊቷን ቀፎ ትናንት ሲመሽ አፉን በጨርቅ ወትፈን፣ እኔና ተናኜ በወሳንሳ ተሸክመን፣ ከጅረቱ ማዶ ቄስ ወልደ ዮሐንስ ግቢ ሰቀልነው። ሲናፍቀኝ ሄጄ አየዋለሁ ብዬ።

ዛሬ ጠዋት ከፈትሁት። ወጥተው ወደ አበባ አልሄዱም። ጅረቱን ተሻግረው በቀጥታ እኛ ቤት መጡ። ቀፎው የነበረበት ግድግዳ ላይ፣ ባዶው ችካል ላይ፣ እንደ ጭብጥ ተሰብስበው ተለጠፉ። ሲበርዳቸው የልጅቱን ቀፎ ሊገቡ ሞከሩ። እዚያው አፉ ላይ ፈጇቸው። እየሮጥን ሄደን ቀፎውን አምጥተን ችካሉ ላይ መለስነው፤ የተረፈው ገባ።

አባቴ ይል ነበር፤ ንብ ስታርቅ የማታውቀው አገር ድረስ አርቅ፣ አለዚያ አትንካ። ረስቼው አይደለም። ቅርብ ይበቃል ብዬ ነው።

ቅርብ የሄደ አልሄደም።

ኅዳር 21

ጽዮን ማርያም። ይህን ልጻፍ ወይስ ልተው ብዬ ብዙ ቆየሁ።

ከምንጩ ውሃ ልቀዳ ስወርድ ከቁጥቋጦው ወዲያ ድምፅ ሰማሁ። ተናኜና ተስፋው ናቸው። መጥራት ወይም መሳል ነበረብኝ። አልሳልሁም።

"አዴት አልወስድሽም አልሁሽ። እዚሁ አርሳለሁ" ይላል።

"የማን መሬት ላይ? እኔ ምራት ነኝ እንጂ ልጅ አይደለሁም። ልጅም አልወለድሁለት። እሜቴ ያለፉ ዕለት የወንድማቸው ልጆች በማግሥቱ ነው የሚያስወጡኝ።"

"እንግዲያው ዛሬውኑ ነይ እንሂድ።"

"እሳቸውን ለማን ትቼ? ሲያነቡ ከንፈራቸው እንዴት እንደሚንቀሳቀስ አላየህም። ቃሉ ሲገባቸው ቀና ብለው ያዩኛል፤ አየሽ ማለታቸው ነው። እኔ ከሌለሁ ማንን ያያሉ? ተወኝ ተስፋው። ሌላ ፈልግ።"

ውሃ ሳልቀዳ ተመለስሁ። እንስራው ለምን ባዶ እንደሆነ አልጠየቀችኝም። እኔም ዓይኗ ለምን እንደቀላ አልጠየቅኋትም።

ያለቀሰችው ለእሱ ይሆናል እንጂ ለእኔስ አይደለም። ምኑን አይታ እንደሆነ እንጃ። አጥሩን ግን ደህና አጥሮታል።

ኅዳር 22

የሞቱትን ጠረግሁ። የአሮጊቷ ቀፎ ላይ ጆሮዬን አስጠጋሁ፤ አለች። የልጇም ቀፎ ላይ። አለች።

ሞኝ ብያት ነበር።

ኅዳር 24

ለንቦቹ ብዬ ቋሪት እንደምወጣ ለተናኜ ነገርኋት። መጥረጊያው ከእጇ ወደቀ።

"ስንት ቀን ይቆያሉ?"

"እስኪለምዱ።"

"እሜቴ፣ ንብ ለመልመድ ስንት ቀን ይፈጅበታል?"

"እሱስ ሦስት አራት ቀን ነው።" ከዚያ በላይ ውሸት አልመጣልኝም። "አሮጊት ግን ይቆይባታል" አልሁ።

ምንጩ ላይ የነበርሁ መሆኔ የገባት ያን ጊዜ ነው። ቁጭ አለች። "ያስቀየምሁዎት ነገር አለ? እኔ እኮ አልሄድም ብዬዋለሁ" አለች።

"አልሄድም ማለትሽ ነው ያስቀየመኝ።"

ክፉ አነጋገር ነው፤ ሌላ አነጋገር አላውቅበትም። እሷ ግን ታውቀኛለች። መጥረጊያውን አንሥታ የጠረገችውን መልሳ ጠረገች።

ኅዳር 26

ቄስ ወልደ ዮሐንስ ዘንድ ሄድሁ። ማር አጥብቼ የማር ልጅ ላደርጋት፣ የተስፋውንም ጥያቄ ልቀበል እፈልጋለሁ አልኋቸው። ጢማቸውን እያሻሹ፣ "የወንድምሽ ልጆች ያጉረመርማሉ" አሉ።

"እነሱ እኔ ስወልድም አልነበሩ፣ ሳረጅም አልመጡ። መሬቱ የአባቴ ርስት ነው፤ ለልጄ ይገባል።"

"እኔን ደግሞ ምሰሶ አያስፈልገኝም ብለሽ መልሰሽኝ ነበር።"

"ንቦቹን ሳይ ሐሳቤን ለወጥሁ።"

"እንግዲህ ከእኛ ከካህናቱ ይልቅ ንብ ይሰማሻል" አሉና ሳቁ። ንስሐ እንዳይሰጡኝ ፈርቼ ነበር፤ አልሰጡኝም።

ኅዳር 29

ዛሬ ሆነ። ቄሱ፣ ሽማግሌዎቹ፣ ጎረቤቱ ሁሉ። ደጀ ሰላም ላይ ያሙኝ ሁለቱ ሴቶችም መጥተው ነበር፤ አብረን በላን ጠጣን።

ማሩ አስቸገረኝ። ዘንድሮ የተገኘው ከልጅቱ ቀፎ ጫፍ የቆረጥኋት ከመዳፍ የማትበልጥ የማር እንጀራ ናት፤ ከዚያ በላይ መውሰድ ግፍ ነው። ግን አውራ ጣት ለመንከር በቃች። ጣቴን ማር ነክሬ፣ "ከዛሬ ጀምሮ ልጄ ነሽ፤ ያለኝ ያንቺ ነው" ብዬ አፏ ላይ አደረግሁት። ሃያ አምስት ዓመት የሞላት ሴት እንደ ሕፃን መጥባት አፈረች። ከዚያ እያለቀሰች ስትጠባ ነከሰችኝ።

"ጥርስ አብቅላ የተወለደች" አልሁ ለሽማግሌዎቹ። ሁሉም ሳቀ። እኔም።

ተስፋው በር ላይ ቆሞ ነበር፤ ማንም ግባ አላለውም። "ምን ትገተራለህ፣ የገዛ አጥርህን አታውቀውም?" አልሁት። ገባ።

ሲበተኑ ተናኜ "እናቴ" ብላ ጠራችኝ። ለማን እንደሆነ ዞር ብዬ አየሁ።

ታኅሣሥ 2

በመንገድ ላይ፤ ደብተሩን ጉልበቴ ላይ አድርጌ። ጠሃ አራት ቀፎ ጭኖልኛል፤ አሮጊቷም አለችበት። ሦስቱን ለተናኜ ትቻለሁ። ለዚያ ግድግዳ፣ ላለው አበባ፣ ሦስት ይበቃል። ተስፋው ከምንጣሮው የተረፈውን ቁራጭ መሬት ኑግ እዘራበታለሁ ብሏል። ካልዘራ ተመልሼ እመጣበታለሁ ብዬዋለሁ።

ተናኜ እስከ ላህ ሸኘችኝ። ስንለያይ፣ "የመጣ መንጋ ሁሉ አትቀበይ፤ መጀመሪያ አበባውን እዪ" አልኋት። "እሺ" አለች። "የእርስዎን ግን እቀበላለሁ" አለች።

ጠሃ በቅሎው ላይ ሆኖ ወዲያ እያየ ነበር። ዓይኑን በሻሹ ጫፍ ጠረገ። አቧራ ነው አለኝ። ሽቅቡ ሁሉ ድንጋይ ነው።

ታኅሣሥ 5፣ ቋሪት

ብርድ ነው። ሁለት ጋቢ ደርቤ ነው የምጽፈው። እህቴ እንደ ድሮዋ ናት፤ ሌሊቱን ሙሉ ታወራለች፤ ቀን ደግሞ እንቅልፍ አጣሁ ትላለች።

ቀፎዎቹን ግድግዳዋ ላይ ሰቅለን፣ ዛሬ ፀሐይ ሞቅ ሲል ጨርቁን አነሣሁላቸው። ወጡ። ግን ወዲያው አልሄዱም። ፊታቸውን ወደ ቀፎው አዙረው ቀስ እያሉ ወዲያ ወዲህ አሉ፤ ከዚያ ክብ ሠሩ፤ ከዚያ ክቡን አሰፉት። በሩን፣ ግድግዳውን፣ የኮሶውን ዛፍ እያዩ። ሲመለሱ እንዳይስቱት ነው። ከዚያ አንድ በአንድ ወደ ግብጦው ወረዱ። ጠሃ አልዋሸም፤ እስከ ገደሉ ጫፍ አበባ ነው። ቀትር ሳይሆን እግራቸው ሞልቶ ተመለሱ።

እኔም ተነሥቼ ቤቱን ዞርሁት። በሩ በየት በኩል እንደሚከፈት፣ ማገዶው የት እንደሚቀመጥ፣ ወደ ምንጩ የሚወርደው መንገድ ከየትኛው ድንጋይ እንደሚጀምር አየሁ። ከአጥሩ ወጥቼ ደግሞ ራቅ ብዬ ዞርሁት።

እህተ ማርያም ከበሩ ሆና፣ "ምነው፣ ምን ጠፋብሽ?" አለችኝ።

"ምንም" አልኋት። "ቤቱን እየለየሁት ነው።"